የጨረታው ደጅ ጠኚ

ጋሽ ውሃልክን ያገኘኋቸው ባላሰብኩበት ቦታ ነው። በመንግሥት ግዥ መሥሪያ ቤት ኮሪደር፣ እግሩ በሚነቃነቅ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው ነበር። እኔ የሄድኩት ለትምህርት ቤቴ ዴስክ ልጠይቅ ነው። ርዕሰ መምህርት ነኝ። ተማሪዎቼ ለሁለት በተሠራ ዴስክ ላይ ሦስት ሦስት ሆነው ይጨናነቃሉ፤ የተረፉት መስኮቱ ሥር ድንጋይ ላይ ይቀመጣሉ። «አዲስ ዴስክ በጨረታ እየተገዛ ስለሆነ ታገሱ» ከተባልን ቆይቷል። መታገስ ደግሞ ለእኔ አልተሰጠኝም። አፌ አያርፍም፤ ይህን የሚያውቁት ጸሐፊዎች ገና ከሩቅ ሲያዩኝ ያልጮኸ ስልክ ያነሳሉ።

ጋሽ ውሃልክ የሰፈራችን አናጢ ናቸው። እውነተኛ ስማቸውን የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው። ሰው ቤት ሲገቡ ከሰላምታ በፊት ጠረጴዛው ሳይዘም መቆሙን ስለሚያዩ ውሃልክ ተብለው ቀሩ። ከጎናቸው የወንድማቸው ልጅ ተቀምጣለች። አባቷ ሲሞት እሳቸው ቤት ገብታ፣ በወርክሾፑ ሰጋቱራ ውስጥ ተጫውታ አድጋ፣ ዛሬ ጠበቃ ሆናለች። የሁለቱም ፊት ጠቁሯል።

«ምነው? ሰው ሞተባችሁ እንዴ?» አልኳቸው።

«እያጣጣረ ነው» አለች ጠበቃዋ። «ነገ ማታ ይሞታል።»

«አንቺ ልጅ፣ ሟርቱን ተይው!» አሉ ጋሽ ውሃልክ። «ቁጭ በይ፣ መምህርት። ምንም አልሆንም። ጉዳዬ እየታየልኝ ነው።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ለትምህርት ቤቶች ዴስክ ለማሠራት በወጣው ጨረታ ጋሽ ውሃልክ ተወዳድረው ነበር። ማስታወቂያው ዴስኩ ከደረቀ ጣውላ ይሠራ ይላል። እሳቸው ደግሞ እንዲህ ያለ ቀን ይመጣል ብለው ጣውላ ጥላ ሥር ደርድረው፣ እያገላበጡ ሲያደርቁ የኖሩ ሰው ናቸው። ፖስታው ከተከፈተና የእያንዳንዱ ተጫራች ዋጋ ከታወቀ በኋላ ግን ኮሚቴው ተሰብስቦ «ችፑድም ያው እንጨት ነው» አለና በችፑድ ለመሥራት ያቀረበውን ነጋዴ አሸናፊ አደረገው። ችፑድ ማለት በኮላ የተጣበቀ ሰጋቱራ ነው። በጣውላ ሂሳብ ዋጋ ያቀረበ ሰው ከሰጋቱራ ጋር እንዴት ይፎካከራል? ይህ ሥራ ካመለጣቸው ወርክሾፑ እንደሚዘጋ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ሠራተኞቻቸው ደግሞ ቤተሰብ የሚያስተዳድሩ አባወራዎች ናቸው።

«ሕጉ ቅር የተሰኘ ተጫራች ፍርድ ቤት ይሂድ ይላል» አለች ጠበቃዋ ወደ እኔ ዞራ። «ግን ቀን ቆርጧል፤ ነገ አርብ ያበቃል። አቤቱታውን ጽፌ ጨርሻለሁ። የቀረው የእሳቸው ፊርማ ነው። እሳቸው ግን ከሚከሱት ሰው በር ላይ ቁጭ ብለው ደጅ ይጠናሉ!»

«ልጄ፣ ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ።»

«ጋሼ፣ ሰማዩን እኮ አውሮፕላን ካረሰው ቆየ። ደግሞስ የግዥ ኃላፊው ከመቼ ወዲህ ነው የነገሠው?»

«ቀስ በይ፣ ይሰማሻል! የሟች ጎረቤቴ ልጅ ነው። ሕፃን ሆኖ የተኛበትን አልጋ የሠራሁለት እኔ ነኝ። እሱ እኔን አይጥለኝም።»

ይህን ሲሉ በሩ ተከፈተና ኃላፊው ወጣ። ሸሚዙ ነጭ ነው፤ ፈገግታውም ከሸሚዙ አያንስም። ጋሽ ውሃልክን ሲያይ ሁለት እጁን ዘርግቶ ጎንበስ አለ።

«አባባ! እርስዎ እዚህ ብርድ ላይ? ማነው ውጭ ያስቀመጣቸው? ኧረ ነውር ነው!» ጸሐፊዋን ቆጣ አለና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ጉዳይዎን ራሴ ይዤዋለሁ። እያየሁት ነው። ሰኞ ይምጡ።»

«ሰኞ ስንመጣ ውሉ ተፈርሞ ቢጠብቀንስ?» አለች ጠበቃዋ።

«እህቴ» አላት፣ ፈገግታው ሳይጎድል፣ «እንዲህ ባሉ ትልቅ ሰው ፊት እንደዚህ ይባላል? ቤተሰብ አይደለንም እንዴ?» የጋሽ ውሃልክን ትከሻ ሳም ሳም አድርጎ በሩን ዘጋው።

ጋሽ ውሃልክ ጦርነት ያሸነፉ ያህል ደስ ብሏቸው ተነሱ። እኔን ግን ያሳሰበኝ የዚያ ሰውዬ ትህትና ነው። ስድብ ቢሆን ኖሮ ሽማግሌው ተናደው አቤቱታውን ይፈርሙ ነበር። ትህትና ግን ሰውን እጅ ከወርች ያስረዋል። በአገሩ ስንት ሰው ተከብሮ እንደተዘረፈ የሚቆጥር የለም።

አላስቻለኝም፤ የዚያኑ ዕለት ከሥራ ስወጣ ወርክሾፑ ጎራ አልኩ። ሠራተኞቹ ሄደዋል። ጋሽ ውሃልክ መላጊያ እየሳሉ፣ ጠበቃዋ የተገለበጠ ሳጥን ላይ ተቀምጣ ይከራከራሉ። አቤቱታው መሥሪያ ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቷል። ነፋስ እንዳይወስደው መዶሻ ተጭኖበታል።

«ለመሆኑ ዳኛዋ ስለ እንጨት ምን ታውቃለች?» ይላሉ እሳቸው።

«ምንም። ማወቅም የለባትም። ፍርድ ቤት እኮ ዴስክ አይመርጥም፣ ጋሼ። የምትጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ ለሁሉም የተነገረው ደንብ ተጠብቋል ወይ? ልጆች ሩጫ ሲወዳደሩ አንዱ መሃል ላይ የመጨረሻውን መስመር አንስቶ ወዳጁ እግር ሥር ቢያሰምረው፣ ማን ፈጣን ነው ብሎ መጨቃጨቅ ምን ይረባል? መስመሩን ማን አነሳው፣ በምን ሥልጣን አነሳው፣ ይኸው ነው።»

«እሺ፣ ከሰስኩ እንበል። ቂም አይዙብኝም? ሁለተኛ ሥራ ይሰጡኛል?»

«ሳይከሰሱስ ምን ሰጡዎት?»

ጋሽ ውሃልክ መላጊያውን አገላብጠው አዩት። «ብታሸንፊስ ሥራውን አገኘዋለሁ?» አሉ።

«አልዋሽዎትም፤ ላያገኙት ይችላሉ። ዳኛዋ መጀመሪያ ውሉ እንዳይፈረም ታግዳለች። ከዚያ አቤቱታችን እውነት ከሆነ ጨረታው በተነገረው ደንብ እንደገና ይታይ ትላለች። ያኔም ሊሸነፉ ይችላሉ። ግን ከእርስዎ የተሻለ ጣውላ ባመጣ ሰው ይሸነፋሉ እንጂ በስብሰባ አይሸነፉም።»

እኔም ገባሁበት። «ጋሽ ውሃልክ፣ ልጅቷ የምትለው እኮ—»

«አንቺ ዴስክሽን ነው የምትፈልጊው» ብለው አቋረጡኝ።

«አዎ፣ ዴስኬን ነው! ነውር አለው? ልጆቼ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ፊደል ይቆጥራሉ! እርስዎ ሲያፍሩ የሚቀዘቅዘው የእነሱ መቀመጫ ነው!»

ጠበቃዋ ሳቀች። እሳቸውም ሊስቁ ዳድቷቸው ተዉት። ከዚያ መላጊያውን አስቀምጠው የልባቸውን ተናገሩ።

«ስሙኝ። ልጁ ሰኞ ና ብሎኛል። ሰኞ ና ያለኝን ሰው አርብ ልክሰሰው? ቃሉን ሳልሰማ? ይህ እኮ ፊቱ ላይ መትፋት ነው። አባቱ መቃብር ውስጥ ሆኖ ምን ይለኛል? እኛ ያደግነው እንዲህ አይደለም። ሰው ቃል ከሰጠህ ትጠብቀዋለህ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች።»

«ጋሼ፣ ቃል እኮ አልሰጠዎትም» አለች ጠበቃዋ። «ቀን ነው የሰጠዎት። ያንንም መርጦ ነው የሰጠዎት። ሰኞ እንዲመጡ የፈለገው አርብ እንዲያልፍ ነው።»

«ሰውን እንዲህ አትጠርጥሪ። ዝም አይነቅዝም።»

«እርስዎ አናጢ ሆነው? የማይነቅዝ ነገር አይተው ያውቃሉ?»

ነገሩ ካፈርኩ አይመልሰኝ ሆነባቸው። ብዕሩን አልነኩም። ጠበቃዋ አቤቱታውን እዚያው ትታላቸው፣ ዕንባዋን በመዳፏ እየጠረገች ከእኔ ጋር ወጣች። «እኔን በዚያ መጋዝ ነው ያስተማሩኝ» አለችኝ መንገድ ላይ። «የተማርኩት ለሌላ ሰው ሁሉ ይሠራል፤ ለእሳቸው ብቻ አይሠራም።» አርብ ማታ ፍርድ ቤቱ ሲዘጋ ወረቀቱ አሁንም መዶሻው ሥር ነበር።

ሰኞ ጠዋት አብሬያቸው ሄድኩ። ጋሽ ውሃልክ የክት ኮታቸውን ለብሰዋል። ያን ቀን ኃላፊው ደጅ አላስጠናንም፤ ወዲያው አስገባን። ወንበር ሰጠን፣ ሻይ አዘዘልን። ሻዩ ሲመጣ እኔ ነገሩ እንዳለቀ ገባኝ።

«አባባ፣ እኔም በጣም አዝኛለሁ» አለ ኃላፊው። «ውሉ ዛሬ ጠዋት ተፈረመ። የተቃወመ ሰው አልነበረም።»

«እንዴ? አንተ እያየሁት ነው አላልከኝም?»

«አየሁት እኮ! እውነት አለዎት። ኮሚቴው ፖስታ ከተከፈተ በኋላ መስፈርቱን መቀየር አልነበረበትም። ግን አባባ...» ራሱን ነቀነቀ፤ ከልቡ ያዘነ ይመስላል። «በጊዜው ለምን አልከሰሱም? ሕጉ እኮ መብት ሰጥቶዎታል።»

ጋሽ ውሃልክ ሻዩን ሳይቀምሱ ተነሱ። እኔ ሰውዬውን ያልኩት ነገር እዚህ አይጻፍም፤ ጸሐፊዋ ጆሮዋን ይዛለች። ኮሪደር ላይ ሽማግሌው ያ የሚነቃነቅ ወንበር ላይ ዝርፍጥ ብለው ተቀመጡ።

«መምህርት፣ ልጁ አሁን ምን አለኝ? ለምን አልከሰስክም አለኝ?»

«አዎ።»

«የከለከለኝ እሱ አይደለም እንዴ?»

«አልከለከለዎትም፣ ጋሽ ውሃልክ። ሰኞ ይምጡ ብቻ ነው ያለዎት።»

ኮታቸውን አራግፈው ተነሱ። ከዚያ «ልጅቷን ጥሪልኝ፤ ልፈርም» አሉኝ። ጊዜው ማለፉን ነገርኳቸው። «አውቃለሁ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ይበሉኝ። ሳልጮህስ አልሞትም።»

ችሎቱ ጠባብ ክፍል ውስጥ ነበር። ዳኛዋ ወጣት ናት። መነጽሯን አውልቃ ጽሑፉን ከዳር እስከ ዳር አነበበች። የመሥሪያ ቤቱ ጠበቃ ብድግ ብሎ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ጊዜው አልፎበታል፤ ውሉም ተፈርሟል» አለና ተቀመጠ። ሌላ መናገር አላስፈለገውም። የእኛዋ ጠበቃ ግን ቆማ ተከራከረች። ባለሥልጣኑ ራሱ ሰኞ ይምጡ እንዳለ፣ እሳቸውም ያን አምነው እንደዘገዩ ዘርዝራ አስረዳች። ዳኛዋ በጥሞና ሰማቻት።

«አባት» አለች በመጨረሻ፣ «የሆነብዎት ነገር ያሳዝናል። ነገር ግን ሰኞ ይምጡ መባል ሕጉ የቆረጠውን ቀን አያራዝምም። አቤቱታው አርብ ቀርቦ ቢሆን ኖሮ በዚያው ቀን እግድ እሰጥ ነበር።»

«በዚያው ቀን?»

«በዚያው ቀን።»

«ደጅ ሳልጠና?»

«እዚህ ደጅ ጥናት የለም፣ አባት። አቤቱታ ማቅረብ ነው።»

ጋሽ ውሃልክ እጅ ነስተው ወጡ። ደረጃው ላይ የወንድማቸውን ልጅ ክንድ ያዙ። «እውነትሽን ነበር፣ ልጄ። እኔ ፍርድ ቤት ማለት የጠብ ቦታ ይመስለኝ ነበር። ጠቡ ያለው እዚያ ሻይ የሚጋብዙበት ቤት ነው።» እሷ ግን እሳቸውን ማሳመኗ አላስደሰታትም። እዚያው ደረጃ ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች።

ዴስኮቹ መጡልን። አቤት ሲያምሩ! ልጆቹ እየተሻሙ ተቀመጡ፤ እኔም እውነቱን ልናገርና ለአንድ ሳምንት ያህል ደስ ብሎኝ ነበር። ከዚያ ዝናብ ጣለ። የክፍሎቻችን መስኮት መስታወት የለውም። ዳር ዳር ያሉት ዴስኮች ውሃ እንደነካው ዳቦ አብጠው፣ ልጣጫቸው ተገሸለጠ፣ ብሎናቸው እየተነቀለ ወደቀ። አንዷ ተማሪዬ ከነመቀመጫዋ ወድቃ ክንዷ ተሰበረ። ጋሽ ውሃልክን ለጥገና ለምኜ አመጣኋቸው። ተንበርክከው አንዱን ጠርዝ በጣታቸው ሲጫኑት ተፈረፈረ።

«ይህ አይጠገንም» አሉ። «ጣውላ ቢሆን እጠግነው ነበር።»

ያን ጊዜ ወርክሾፑ ተዘግቷል። ሠራተኞቹ የቀን ሥራ ፍለጋ ተበትነዋል። ስንት ዘመን ጥላ ሥር ያደረቁት ጣውላ ለግቢው ኪራይ ተይዞ፣ የግቢው ባለቤት ለማገዶ ሸጠው። ለማገዶ! የእኔም ልጆች ወደ ድንጋያቸው ተመለሱ። አንድ ሽማግሌ አንድ አርብ ቢፈርሙ ኖሮ ይህ ሁሉ ባልሆነ ብዬ እንዳልፈርድባቸው ደግሞ፣ እንዲያፍሩ ያደረግናቸው ሁላችንም ነን። መለማመጥን ጨዋነት፣ መብት መጠየቅን ነገረኝነት ብለን ያስተማርነው እኛው ነን።

ስለ ተሰበሩት ዴስኮች ልጮህ እንደገና ወደ ግዥ መሥሪያ ቤት ሄድኩ። ጋሽ ውሃልክ እዚያው አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። ወንበሩ ግን መነቃነቁን ትቷል፤ እግሩን አስተካክለውታል። ከጎናቸው አንዲት ልብስ ሰፊ ቦርሳዋን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ትጠብቃለች። የሆስፒታል አንሶላ ለመስፋት ተጫርታ፣ ያለ ምክንያት ተጥላለች።

«የኔ ልጅ፣ ማንን ትጠብቂያለሽ?» አሏት።

«ኃላፊውን። ነገሬን እያየሁት ነው ብለውኛል።»

«የእኔንም አይቶት ነበር። ስሚኝ፣ እዚህ አትቀመጪ። ተነሺና ፍርድ ቤት ሂጂ። ቀኑ ሳያልፍብሽ ሂጂ።»

«ኧረ አባቴ፣ መንግሥትን ልክሰስ? ጠላት ላፍራ?»

«እኔም እንዳንቺ ንጉሥ አይከሰስ ስል ነበር። አሁን ሥራም ወርክሾፕም የለኝ፤ ስለዚህ ቁጭ ብዬ አሰብኩበት። መንግሥትን እኮ አይደለም የምትከሺው። መንግሥት ራሱ ያወጣውን ደንብ ሠራተኛው ጠብቆታል ወይ ብለሽ ነው የምትጠይቂው። ዳኛ አይቶ ያግዳል። ያኔ ኮሚቴው ለሚቀጥለው ይፈራል፤ የሚያየው አለና። ደህና ሠራተኛም በጨረታ ይገባል፤ ልፋቱ በስብሰባ እንደማይበላ ያውቃላ። በሽተኛው የማይቀደድ አንሶላ ላይ ይተኛል። የዚህች ሴትዮ ተማሪዎችም» እኔን በአገጫቸው ጠቆሙ፣ «ድንጋይ ላይ አይቀመጡም። ብትሸነፊ እንኳ የተሸነፍሽበትን ምክንያት አውቀሽ ቤትሽ ትገቢያለሽ። እኔ ደጅ በመጥናት ምን አተረፍኩ? ሻይ ጋበዙኝ፤ እሱንም አልጠጣሁት።»

ያን ጊዜ በሩ ተከፈተ። ያው ነጭ ሸሚዝ፣ ያው ፈገግታ ብቅ አለ። «እህቴ! እዚህ ብርድ ላይ? ጉዳይዎን እያየሁት ነው። ማክሰኞ ይምጡ።» ጋሽ ውሃልክን ያየ አይመስልም፤ በሩ ተዘጋ።

ልብስ ሰፊዋ የተዘጋውን በር አየች፣ ሽማግሌውን አየች፣ እኔን አየች። ቦርሳዋን አንስታ ወደ ደረጃው ሄደች። ጋሽ ውሃልክ ተነስተው በመስኮት ቁልቁል ተመለከቱ። ከግቢው በር በስተቀኝ የአውቶቡስ ፌርማታው፣ በስተግራ ፍርድ ቤቱ ነው። ሴትየዋ በሩ ላይ ቆመች፤ ግራ ገብቷት ቆየች። ከዚያ ወደ ግራ ታጠፈች።

«አንዷ ተነሳች» አሉ ጋሽ ውሃልክ። ፊታቸው ላይ ደስታ አላየሁም። ከደረጃው ሌላ ባለጉዳይ ወረቀቱን ታቅፎ እየወጣ ነበር። እሳቸውም ወንበራቸው ላይ ተመልሰው ቦታ ሊለቁለት ጠጋ አሉ።